ከማዞሪያ ሰሌዳ እስከ ምናባዊ ስዊች

መነሻ

በልደታ ክፍለ ከተማ፣ ከኮንዶሚኒየም ሕንፃዎች በአንዱ፣ ከአንድ የጽሕፈት ጠረጴዛ ሥር ያገለገለ ኮምፒዩተር ተቀምጧል። ከውጭ ሲታይ ከመሰሎቹ የሚለይበት አንዳችም ነገር የለውም። በውስጡ ግን ማታ ማታ ስምንት የኔትወርክ ስዊቾች ይሠራሉ። ስምንቱም መብራት የላቸውም፤ ማራገቢያቸው አይጮኽም፤ የተሰካባቸው ገመድ የለም። ይሁንና እርስ በርሳቸው ይነጋገራሉ፤ ከመካከላቸው አለቃ ይመርጣሉ፤ አንዱ የወደቀ እንደ ሆነ የቀሩት መንገድ ይለውጣሉ። እነዚህ ስዊቾች ከብረትና ከሲሊከን የተሠሩ ሳይሆኑ ፋይሎች ናቸው። በሙያው ቋንቋ «ኢሜጅ» ይባላሉ፤ ይኸውም የአንድ ስዊች ሙሉ ፕሮግራም ከነማከማቻው በአንድ ፋይል ተጠቅልሎ የሚቀመጥበት ቅርጽ ነው።

የኮምፒዩተሩ ባለቤት የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ነው። ነገር ግን የጽሑፉ ዓላማ ስለ አንድ ሰው የቤት ቤተ ሙከራ መተረክ አይደለም። ዓላማው፣ በአንድ ወቅት ሙሉ አዳራሽ ይይዝ የነበረው የመገናኛ ማዞሪያ በምን መንገድ ተጉዞ በኮምፒዩተር ውስጥ እስከሚከፈት ፋይል እንደ ደረሰ ማሳየትና፣ ይህ ለውጥ ማዞሪያውን ዘወትር ታሽጎ ከውጭ ስትቀበል ለኖረች አገር ምን ትርጉም እንዳለው መመርመር ነው። «እ.ኤ.አ.» የሚል ምልክት ያለባቸው ዓመታት በአውሮፓውያን፣ «ዓ.ም.» የሚል ያለባቸው ደግሞ በኢትዮጵያ አቆጣጠር የተጻፉ መሆናቸውን አንባቢ ልብ ይሏል።

ማዞሪያው ሰው በነበረበት ዘመን

ስልክ ወደ አገራችን የገባው በዳግማዊ አፄ ምኒልክ ዘመነ መንግሥት ነው። የቴሌኮሙኒኬሽን መሥሪያ ቤታችን በሚያወሳው ታሪክ መሠረት መነሻው እ.ኤ.አ. 1894 ሲሆን፣ ሐረርን ከአዲስ አበባ ጋር ያገናኘው 477 ኪሎ ሜትር ርዝመት ያለው የስልክና የቴሌግራፍ መስመር የሥራው መጀመሪያ ሆኖ ይጠቀሳል።

ስለ መስመሩ ብዙ ተብሏል። ስለ ማዞሪያው ግን የተባለው ጥቂት ነው። መስመር ሁለት ሰዎችን ያገናኛል፤ ሰዎቹ ሲበዙ ግን ነገሩ ይለወጣል። ዐሥር ሰዎች እያንዳንዳቸው ከሌሎቹ ጋር በቀጥታ እንዲገናኙ ቢፈለግ 45 መስመሮች ያስፈልጋሉ፤ ለመቶ ሰዎች 4,950። በዚህ ስሌት የሚዘልቅ ከተማ የለም። ስለዚህ የሁሉም መስመር ወደ አንድ ቦታ እንዲመጣና በዚያ ቦታ ላይ ጠሪው ከተጠሪው ጋር እንዲያያዝ ተደረገ። ማዞሪያ ማለት ይህ ነው። በመጀመሪያው ዘመን ይህን የሚያደርገው ሰው ነበር፤ ኦፕሬተሩ በሰሌዳው ፊት ተቀምጦ የጠሪውን ድምፅ ይሰማል፤ ገመድ አንሥቶ ከተፈለገው ቀዳዳ ይሰካል፤ ንግግሩ ሲያበቃ ይነቅላል። ማን ከማን ጋር በስንት ሰዓት እንደ ተነጋገረ የሚያውቀውም እርሱ ነበር።

ሰውን በመሣሪያ የተካው አልመን ስትሮውጀር የተባለ አሜሪካዊ ነው። ሙያው ምሕንድስና አልነበረም፤ በካንሳስ ሲቲ የቀብር ሥራ አስፈጻሚ ነበር። ኦፕሬተሮች የእርሱን ደንበኞች ወደ ተፎካካሪው ያዞሩበታል ብሎ በመጠርጠሩ ያለ ሰው እጅ የሚሠራ ማዞሪያ ለማግኘት እንደ ተነሣ ይነገራል። የፈጠራ መብቱን እ.ኤ.አ. በ1891 አገኘ፤ በሚቀጥለው ዓመት በኢንዲያና ግዛት በላ ፖርት ከተማ የመጀመሪያው አውቶማቲክ ማዞሪያ ሥራ ጀመረ። ደዋዩ ቁጥር ሲያዞር በመሣሪያው ውስጥ አንዲት የብረት ክንድ ደረጃ በደረጃ ወደ ላይ ትወጣለች፤ ከዚያም ወደ ጎን ትዞርና ከተፈለገው መስመር ጋር ትነካካለች።

በኢትዮጵያ ከጣሊያን ወረራ በኋላ የስልክ አገልግሎትን መልሶ ለማቋቋም የዓለም ባንክ እ.ኤ.አ. በ1951 የ1.5 ሚሊዮን ዶላር ብድር ሰጠ። በ1945 ዓ.ም. የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት የቴሌኮሙኒኬሽን ቦርድ በዐዋጅ ተቋቋመ። መሣሪያው የሚመጣው በሣጥን ከውጭ ነበር። ሆኖም የዚያ ዘመን ማዞሪያ አንድ በጎ ጠባይ ነበረው። ቴክኒሺያኑ ክዳኑን ከፍቶ ክንዲቱ ስትወጣና ስትዞር በዓይኑ ማየት፣ የተበላሸውን መነካኪያ በጣቱ መዳሰስ ይችል ነበር። መሣሪያው ባዕድ ቢሆንም አሠራሩ ለተመልካች ግልጽ ነበር። በኋላ ማዞሪያው ወደ ኤሌክትሮኒክስ፣ ከዚያም ወደ ኮምፒዩተርነት ሲለወጥ ያ ግልጽነት ጠፋ፤ ክዳኑ ቢከፈት የሚታየው ጸጥ ያለ የካርድ ድርድር ብቻ ሆነ።

ከአንድ ገመድ ወደ ስዊች

የኮምፒዩተር መረብ የተጀመረው በሌላ አቅጣጫ ነው። እ.ኤ.አ. ግንቦት 22 ቀን 1973 (አውሮፓውያን ሜይ በሚሉት ወር) ሮበርት ሜትካፍ በካሊፎርኒያ በሚገኘው የዜሮክስ የምርምር ማዕከል ውስጥ «ኢተርኔት» ብሎ የሰየመውን አሳብ በጽሑፍ አቀረበ፤ ከዴቪድ ቦግስ ጋር ሆነውም ሠሩት። በዚህ አሠራር ማዞሪያ የሚባል ነገር አልነበረም። ሁሉም ኮምፒዩተሮች በአንድ ገመድ ላይ ይሰካሉ፤ አንዱ ሲናገር ሁሉም ይሰማሉ፤ ሁለት በአንድ ጊዜ ቢናገሩ መልእክታቸው ይጋጫል፤ ሁለቱም ጥቂት ቆይተው እንደገና ይሞክራሉ። በአንድ ጎጆ ውስጥ እንደሚደረግ ጨዋታ ሰው ጥቂት ሲሆን ይስማማል፤ ሰው ሲበዛ ግን መደማመጥ ይጠፋል።

መፍትሔው ገመዱን ቆራርጦ በመካከሉ ድልድይ ማኖር ነበር። በ1980ዎቹ (እ.ኤ.አ.) በዲጂታል ኢኩዊፕመንት ኩባንያ ማርክ ኬምፕፍ የፈጠረው ድልድይ ሥራው እጅግ ቀላል ነው። መልእክት ሲደርሰው የላኪውን አድራሻ አንብቦ በየትኛው ፖርት እንደ መጣ ይመዘግባል። የተቀባዩ አድራሻ በመዝገቡ ላይ ካለ ወደዚያ ፖርት ብቻ ይልከዋል፤ ከሌለ ወደ ሁሉም ፖርቶች ይበትነዋል። ማንም ሳያስተምረው በማየት ብቻ ይማራል። ካልፓና የተባለ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1990 ይህንኑ ሥራ በብዙ ፖርቶች ላይ በአንድ ጊዜ የሚሠራ መሣሪያ አውጥቶ «ኢተርስዊች» አለው። ዛሬ ስዊች የምንለው ስም የመጣው ከዚህ ነው። ሲስኮ ኩባንያ ካልፓናን እ.ኤ.አ. በ1994 ገዛው።

የቀላሉ አሠራር ድካም ግን አደገኛ ነው። ሁለት ስዊቾች በሁለት ገመድ ቢያያዙ፣ ወይም የአንድ ገመድ ሁለት ጫፍ በአንድ ስዊች ላይ ቢሰካ፣ ለሁሉም የተላከ መልእክት በአንዱ ወጥቶ በሌላው ይመለሳል፤ እንደገና ይበተናል፤ እንደገና ይመለሳል። የኢተርኔት መልእክት ዕድሜ የሚቆጥር ምልክት በላዩ ስለሌለው በራሱ አይሞትም። ይህን ባለሙያዎች «ሉፕ» ይሉታል። ራዲያ ፐርልማን እ.ኤ.አ. በ1985 ለዚህ መድኃኒት አገኘች። ስዊቾቹ በየሁለት ሴኮንድ አጭር መልእክት ይለዋወጣሉ፤ ከመካከላቸው ዝቅተኛ መለያ ቁጥር ያለውን ሥር አድርገው ይመርጣሉ፤ ከዚያ ሥር የሚነሣ ቅርንጫፍ ያለው ዛፍ ይሠራሉ፤ ከዛፉ ውጭ የሆነውን መንገድ ለክፉ ቀን ዘግተው ያቆዩታል። ይህ ሥርዓት እ.ኤ.አ. በ1990 ዓለም አቀፍ ደረጃ ሆኖ ወጣ።

የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ይህን ሁሉ በዩኒቨርሲቲ ተምሮ በፈተናም መልሷል። ሥራ በጀመረ በመጀመሪያው ዓመት ግን በአንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ የተዘበራረቀ ገመድ ሲያስተካክል፣ ሁለተኛው ጫፉ ከዚያው ስዊች ላይ የተሰካውን ገመድ ሌላ መስሎት መልሶ ሰካው። በዚያ ስዊች ላይ የፐርልማን ሥርዓት ቀደም ሲል በማይታወቅ ሰው ተዘግቶ ነበር። በጥቂት ሴኮንድ ውስጥ የሕንፃው መረብ በሙሉ ቆመ። ሰልፍ ላይ የነበሩ ባለጉዳዮች «ሲስተም የለም» ተባሉ። ጥፋቱን ለማግኘት አርባ ደቂቃ ፈጀ፤ ምክንያቱም የሉፕን ትርጉም የሚያውቀው ሰው ሉፕ ሲከሠት ምን እንደሚመስል ፈጽሞ አይቶ አያውቅም ነበር።

በዚያች ቀን የተነሣው ጥያቄ የምሕንድስና ብቻ አይደለም። ማንም አብራሪ ሞተር ሲጠፋ የሚደረገውን መንገደኛ ጭኖ አይለማመድም። የኢትዮጵያ አየር መንገድ መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. ወደ ካይሮ የመጀመሪያውን በረራ ሲያደርግ መናኸሪያው በልደታ የነበረው አውሮፕላን ማረፊያ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ያለው የአየር መንገዱ ታሪክ ስለ ልምምድ ዋጋ ይመሰክራል። እዚያው ልደታ፣ እ.ኤ.አ. በ1954 በስዊድን መንግሥት ርዳታ የተቋቋመው የሕንፃ ኮሌጅ ተተኪ በሆነው ተቋም ውስጥ፣ ተማሪዎች አንድ ድንጋይ ከመነሣቱ በፊት የሕንፃውን ሞዴል ከካርቶንና ከእንጨት ይሠራሉ። የመረብ መሐንዲስ ሞዴል የት ነው? ይህ ጥያቄ ለረጅም ጊዜ መልስ አልነበረውም።

የእኛ መረብ

ከኢንተርኔት በፊት በአዲስ አበባ የኤሌክትሮኒክ መልእክት ነበረ። በተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን ሥር እ.ኤ.አ. በ1980 የተቋቋመው ፓዲስ የተሰኘው የመረጃ ማዕከል፣ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ፊዶኔት በሚባለው ዘዴ መልእክት ያስተላልፍ ነበር፤ በዚህ ሥራ ስማቸው ከሚነሣ ባለሙያዎች አንዱ ኢትዮጵያዊው ሊሻን አዳም ናቸው። መልእክቶች ይጠራቀማሉ፤ ከዚያም በሞደም በዓለም አቀፍ ስልክ በአንድ ጊዜ ይላካሉ። እዚህ ላይ ሊስተዋል የሚገባው ነገር አለ። ማዞሪያው የተለየ መሣሪያ አልነበረም፤ በተራ ኮምፒዩተር ላይ የሚሠራ ፕሮግራም ነበር። ስለሆነም የአገራችን ባለሙያዎች ከውስጥ ሆነው ካወቋቸው የመረጃ ማዞሪያዎች መካከል ቀዳሚ ከሚባሉት አንዱ፣ ዛሬ እንደምንለው፣ ሶፍትዌር ነበር ማለት ይቻላል።

ኢንተርኔት በይፋ የገባው በጥር 1989 ዓ.ም. ነው። ከዚያ ወዲህ መንግሥት ወረዳኔትንና ስኩልኔትን ዘረጋ፤ በየወረዳው ጽሕፈት ቤትና በየሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ ስዊችና ራውተር ደረሰ። እ.ኤ.አ. ከ2006 ጀምሮ ከቻይናው ዜድ ቲ ኢ ጋር 1.5 ቢሊዮን ዶላር፣ እ.ኤ.አ. በ2013 ደግሞ ከዚሁ ኩባንያና ከሁዋዌ ጋር በድምሩ 1.6 ቢሊዮን ዶላር ገደማ የሚያወጡ ውሎች ተፈረሙ። ኢትዮ ቴሌኮም በኅዳር 2003 ዓ.ም. ተመሠረተ፤ በ2015 ዓ.ም. ሳፋሪኮም ኢትዮጵያ ሁለተኛው አገልግሎት ሰጪ ሆኖ ሥራ ጀመረ።

እነዚህ ውሎች አገሪቱን በአጭር ጊዜ ረጅም መንገድ እንዳስኬዷት መካድ አይቻልም። ዳሩ ግን ገንዘቡን የሚያበድረው፣ ዕቃውን የሚያቀርበው፣ የሚተክለውና ስለ ዕቃው የሚያስተምረው ወገን አንድ ሲሆን ዕውቀቱ በውሉ ልክ ይሰፈራል። ሥልጠናው ስለዚያ ዕቃ ነው፤ ዕቃው ሲለወጥ ሥልጠናውም አብሮ ያረጃል። አበው «የሰው ወርቅ አያደምቅ» ያሉት ለጌጥ ብቻ አይደለም።

በዚህ መካከል እ.ኤ.አ. በ1997 የተጀመረው የሲስኮ ኔትወርኪንግ አካዳሚ ወደ ዩኒቨርሲቲዎቻችን ገብቶ ብዙ ወጣቶችን አስተማረ። ተማሪዎች የሚለማመዱበት ፓኬት ትሬሰር የተባለ ፕሮግራም ነበር፤ ዛሬም አለ። ይህ ፕሮግራም ለጀማሪ እጅግ ጠቃሚ ነው። ሆኖም ስዊቹን አያሠራም፤ ስዊቹን ይተውናል። ደራሲዎቹ ያሰቡትን ጥያቄ ቢጠይቁት እንደ ስዊች ይመልሳል፤ ያላሰቡትን ቢጠይቁት ዝም ይላል። የእውነተኛ ብልሽት ጠባይ ደግሞ ማንም ያላሰበው መሆኑ ነው።

ኮምፒዩተር በኮምፒዩተር ውስጥ

አንድን ኮምፒዩተር በሌላው ውስጥ የማኖር አሳብ አዲስ አይደለም። አይ ቢ ኤም በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ሞክሮት፣ በ1972 ቪኤም 370 በተባለው ሥርዓት ለገበያ አቅርቦታል። በተራው የጠረጴዛ ኮምፒዩተር ላይ እንዲቻል ያደረገው እ.ኤ.አ. በ1998 የተመሠረተው ቪኤምዌር ነው። ፋብሪስ ቤላር እ.ኤ.አ. በ2003 ኪው ኢሙ የተባለውን ነጻ ፕሮግራም አወጣ፤ በ2007 ደግሞ ኬ ቪ ኤም የሊኑክስ አካል ሆነ።

በመረብ ሙያ የለውጡ ቀን የመጣው እ.ኤ.አ. በ2005 ነው። ክሪስቶፍ ፊዮ የተባለ ፈረንሳዊ ዳይናሚፕስ ብሎ የሰየመውን ፕሮግራም አወጣ። ይህ ፕሮግራም የሲስኮ 7200 ራውተርን ፕሮሰሰር በተራ ኮምፒዩተር ላይ ያስመስላል፤ ስለዚህም ለራውተሩ የተጻፈው እውነተኛ ፕሮግራም አንድ ፊደል ሳይለወጥበት በላዩ ይሠራል። ትወናው አበቃ፤ ባለቤቱ ራሱ መድረክ ላይ ወጣ። አንድ ችግር ብቻ ነበረ። የራውተሩ ፕሮግራም ሥራ ባይኖረውም እንኳ በባዶ ይሽከረከር ስለ ነበር አንድ ምናባዊ ራውተር የኮምፒዩተሩን ጉልበት በሙሉ ይበላ ነበር። መፍትሔው ፕሮግራሙ በባዶ የሚሽከረከርበትን ነጥብ ፈልጎ አግኝቶ «እዚህ ስትደርስ ዕረፍ» ብሎ ማዘዝ ሆነ። ጄረሚ ግሮስማን የጀመረው ጂ ኤን ኤስ 3 በሥዕል የሚታይ ገጽ ጨምሮለት ዳይናሚፕስን ለብዙኃኑ አደረሰው።

ስዊቹ ግን አልመጣም። ለምን? መልሱ በመሣሪያው ጠባይ ላይ ነው። ራውተሩ በመሠረቱ ኮምፒዩተር ስለ ነበር መልእክቱን የሚያስተላልፈው በፕሮግራም ነው። ስዊቹ ግን መልእክቱን የሚያስተላልፈው ለዚሁ ብቻ በተቀረጸ ቺፕ ነው፤ ፕሮግራሙ ለቺፑ ትእዛዝ ይሰጣል እንጂ መልእክቱን በእጁ አይነካም። ፕሮሰሰርን ማስመሰል ይቻላል፤ አሠራሩ በምሥጢር የተያዘን ቺፕ ማስመሰል ግን ሌላ ነገር ነው። በዚህ ምክንያት ለዓመታት የቤት ተማሪዎች ዐሥር ራውተር በነጻ እያሠሩ አንድ ስዊች ግን ከአሮጌ ዕቃ ነጋዴ ለመግዛት ይገደዱ ነበር። ያለው ማምለጫ ራውተር ላይ የሚሰካውን ባለ 16 ፖርት የስዊች ካርድ ማስመሰል ነበር፤ እርሱም የስዊቹን ሥራ በከፊል ብቻ ይሠራል።

ይህ በር የተከፈተው አምራቾቹ ራሳቸው ስዊቹን ከቺፑ ነጥለው ማየት ሲጀምሩ ነው። አሪስታ የተባለው ኩባንያ የስዊቱን ሥርዓት ከመጀመሪያው በሊኑክስ ላይ ስለ ገነባው፣ ከቺፑ ጋር የሚነጋገረውን ክፍል አንሥቶ በምትኩ ትንሽ የሶፍትዌር ድልድይ በማስገባት ቪ ኢ ኦ ኤስ የተባለውን ኢሜጅ አወጣ። ሲስኮ እ.ኤ.አ. በ2014 መጨረሻ ቪርል በተባለው ምርቱ የራሱን ምናባዊ መሣሪያዎች ማቅረብ ጀመረ፤ የስዊች ኢሜጅም ተከተለ። ኩሙለስ በ2015 የራሱን ጨመረ። ማይክሮሶፍት በ2016 ሶኒክ የተባለውን የስዊች ሥርዓት ምንጩን ለሁሉም ክፍት አድርጎ ሰጠ፤ በ2022 ወደ ሊኑክስ ፋውንዴሽን ተዛወረ። ዛሬ የኖኪያን የስዊች ሥርዓት ማንም ሰው ያለ ፈቃድ ክፍያ አውርዶ ማሠራት ይችላል።

በልደታ ምሽት

አሁን ወደ ጠረጴዛው ሥር እንመለስ። እያንዳንዱ ምናባዊ ስዊች ሁለት ጊጋባይት ያህል ሚሞሪ ይፈልጋል፤ ስምንቱ ዐሥራ ስድስት። ስምንቱ የአንድ ኢሜጅ ልጆች በመሆናቸው ግን ሊኑክስ ተመሳሳይ የሆኑትን የሚሞሪ ገጾች አንድ ጊዜ ብቻ ያኖራቸውና ያጋራቸዋል። ዋናው ፋይልም አይነካም፤ እያንዳንዱ ስዊች የራሱን ለውጥ ብቻ በትንሽ ፋይል ይጽፋል። ያቺን ትንሽ ፋይል ሲሰርዟት ስዊቹ ከፋብሪካ እንደ ወጣ ይሆናል። ተማሪ ያለ ፍርሃት የሚያበላሸው መሣሪያ ማለት ይህ ነው። ሆን ተብሎ ሉፕ ይሠራል፤ የፐርልማን ሥርዓት ይዘጋል፤ መልእክቱ ሲጎርፍና ፕሮሰሰሩ ሲጨነቅ ይታያል፤ ከዚያ ሥርዓቱ ተመልሶ ሲከፈት አንድ ፖርት ሠላሳ ሴኮንድ እየሰማና እየተማረ ቆይቶ ሥራ ሲጀምር ይቆጠራል። ያ አርባ ደቂቃ የፈጀ ጥፋት ዛሬ በምስሉ ብቻ ይታወቃል።

ቤተ ሙከራው የራሱ ብልሽትም አለው፤ እርሱም ያስተምራል። በአንድ ወቅት የሁለት ስዊቾች ሁለት መስመሮች እንደ አንድ ሆነው እንዲሠሩ ተሞከረ፤ ሦስት ሌሊት አልሆነም። ትእዛዙ ትክክል ነበር። ጥፋቱ የተገኘው ሁለቱን ስዊቾች በሚያገናኘው፣ ማንም ባላሰበው በሊኑክስ ውስጥ ባለ ድልድይ ላይ ነው። በ1990 የወጣው ያ ዓለም አቀፍ ደረጃ፣ በጎረቤት ስዊቾች መካከል ብቻ የሚደረጉ አንዳንድ መልእክቶች በድልድይ እንዳያልፉ ይከለክላል። የሊኑክስ ድልድይ ደረጃውን አክብሮ መልእክቶቹን ይውጣቸው ነበር። ስዊቾቹን ያለ ድልድይ በቀጥታ በማያያዝ ችግሩ ተወገደ። በሌላ ጊዜ ደግሞ አንድ ስዊች ከነመለያ ቁጥሩ ተገልብጦ ሁለት ሆነ፤ ሁለቱም ሥሩ እኔ ነኝ አሉ፤ ዛፉም ተናጋ። እነዚህን ሁለት ነገሮች ያየ ሰው ስለ ደረጃው መጽሐፍ ካነበበ ሰው ይልቅ ደረጃውን ያውቀዋል።

መብራት ሲጠፋ ስምንቱም ስዊቾች በአንድ ጊዜ ይወድቃሉ፤ አንዳንዱ ፋይሉ ተበላሽቶ ይነሣል። ዩፒኤስ ለመግዛት አቅም ለሌለው ተማሪ ለውጡን በየጊዜው በሌላ ፋይል መገልበጥ አማራጭ የሌለው ልማድ ነው።

ፋይሉ የማያስተምረው

ይህን ሁሉ ካልን በኋላ የምናባዊውን ስዊች ወሰን አለመናገር አንባቢን ማሳሳት ይሆናል። በእውነተኛው ስዊች ላይ የአንድ 10 ጊጋቢት ፖርት ቺፕ ትንንሾቹን መልእክቶች በሴኮንድ እስከ 14.88 ሚሊዮን ያህል ያስተላልፋል። ምናባዊው ከዚህ ኢምንት ነው። ስለዚህ ስለ ፍጥነት፣ ስለ ቺፑ የመዝገብ መጠን፣ መልእክት ሲጨናነቅ ስለሚሆነው ነገር ከእርሱ አይጠየቅም። አቧራ፣ ሙቀት፣ የተጎነጠ ፋይበር፣ የላላ መሰኪያ፣ የመሬት ገመድ ጉድለት በፋይል ውስጥ የሉም፤ በየወረዳው ጽሕፈት ቤት ግን አሉ። ከቤተ ሙከራው በቀጥታ ወደ ማሽን ክፍል የሚገባ ወጣት አመክንዮውን ያውቃል፤ እጁ ግን ገና አልተማረም። ሞዴል የሠራ አርክቴክት ግንበኛውን እንደማይተካ ሁሉ ምናባዊው ስዊችም የሥራ ላይ ልምድን አይተካም።

ፈቃድና ምንዛሪ

ከሁሉ የሚከብደው ጉዳይ ቴክኒካዊ አይደለም። በዳይናሚፕስ ዘመን የራውተሩ ፕሮግራም የሚገኘው ብዙውን ጊዜ ከወዳጅ በተገለበጠ ፍላሽ ነበር። ስዊቹም ሲመጣ እንዲሁ ሆነ። ይህ የአምራቹን መብት መንካት መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን፤ ብዙዎቻችንም ያንን መንገድ አልፈንበታል። በሌላ በኩል ለግል ተማሪ የተዘጋጀው የሲስኮ ሕጋዊ ቤተ ሙከራ ለዓመታት 199 ዶላር ሲጠየቅበት ቆይቷል። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ብር በገበያ እንዲወሰን ከመደረጉ በፊት በነበረው የ57 ብር ገደማ ምንዛሪ ይህ ከ11,000 ብር ጥቂት ከፍ ያለ ነበር፤ ምንዛሪው በጥቂት ወራት ውስጥ 120 ብር ሲደርስ ወደ 24,000 ብር ተጠጋ። ገንዘቡ ቢገኝ እንኳ በብር ብቻ የሚሠራ የባንክ ካርድ ከውጭ አገር አይገዛም።

እንግዲህ ወጣቱን «አትስረቅ» ብሎ መምከር ብቻ በቂ አይደለም። ደግነቱ ዘመኑ ሌላ መንገድ ከፍቷል። ሶኒክ ክፍት ነው፤ የኖኪያውና የአሪስታው የቤተ ሙከራ ኢሜጆች ያለ ክፍያ ይገኛሉ፤ ሲስኮም እ.ኤ.አ. በ2025 እስከ አምስት መሣሪያ ድረስ በነጻ ፈቅዷል። የሚቀረው እነዚህን አሰባስቦ፣ ኢንተርኔት ቀርፋፋና ውድ ለሆነበት ተማሪ ማድረስ ነው።

መደምደሚያ

በዚህ ረገድ ማኅበራችን ሊያደርግ የሚችለው ብዙ ገንዘብ የማይጠይቅ ነገር አለ። አንደኛ፣ ያለ ክፍያ ለመገልገል የተፈቀዱትን ኢሜጆች በየአምራቹ ውል መሠረት አጣርቶ፣ ዳግም ማሰራጨት የሚፈቀደውን በዲስክ ለአባላትና ለትምህርት ተቋማት ማዳረስ፤ የማይፈቀደውን እያንዳንዱ በስሙ ተመዝግቦ እንዲያወርድ መርዳት። ሁለተኛ፣ አንድ ጠንካራ ሰርቨር በማኅበሩ ጽሕፈት ቤት አኑሮ፣ የቤት ኮምፒዩተር ለሌለው ወጣት በሰዓት እየተመደበ እንዲሠራበት ማድረግ። ሦስተኛውና ከሁሉ የሚበልጠው፣ አባላት በሥራቸው ላይ ያጋጠማቸውን ብልሽት የመሥሪያ ቤቱን ስም ሳይጠቅሱ እየመዘገቡ፣ ያንኑ ብልሽት በምናባዊ ስዊቾች ላይ መልሶ መሥራት ነው። አምራቾች የሚያስተምሩት መሣሪያቸው ሲሠራ ነው፤ በእኛ አገር፣ በእኛ መብራትና በእኛ ገመድ ላይ ሲወድቅ ምን እንደሚመስል ግን ሊጽፍ የሚችለው እዚህ የሚኖር መሐንዲስ ብቻ ነው።

የስትሮውጀር ማዞሪያ ክዳን ሲከፈት ክንዲቱ ትታይ ነበር። ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት ክዳኑ ተዘግቶ ኖረ፤ እኛም ከውጭ ሆነን መብራቱ አረንጓዴ መሆኑን ብቻ ስንጠብቅ ቆየን። አሁን ክዳኑ እንደገና ተከፍቷል። መክፈቻው ከዓለም ባንክ ብድር ወይም ከባለ ቢሊዮን ውል አልመጣም፤ በየቤታችን ጠረጴዛ ሥር ባለው አሮጌ ኮምፒዩተር ላይ ይገኛል። ገመዱን ሳያስተውል መልሶ የሚሰካ ወጣት ነገም ይኖራል፤ የእኛ ፋንታ የመጀመሪያውን ሉፕ ባለጉዳይ በተሰለፈበት ሕንፃ ሳይሆን በዚያ ኮምፒዩተር ውስጥ እንዲሠራው ማድረግ ነው።